ሲሻር የሚናገር መሪ



ከአምስተርዳም፣ ከሮተርዳምና ከዚሁ ከዘ ሄግ ጊዜያችሁን ሰውታችሁ ለመጣችሁ ሁሉ ምስጋናዬ የላቀ ነው። የዛሬው ርእሳችን ከሥልጣን የወረዱ የአገር መሪዎች በዘጋቢ ፊልምና በቴሌቪዥን ቀርበው የሚሰጡት ቃል ነው። ትናንት በአንድ ፊርማ ጦር ያዘምቱ የነበሩ ሰዎች ዛሬ ከመጽሐፍ መደርደሪያ ፊት ተቀምጠው፣ ረጋ ባለ ድምፅ፣ ያን ጊዜ ሆነ የሚሉትን ያወጉናል። የወደዳቸው ሰው ንግግራቸውን ታሪክ ነው ብሎ ይቀበላል፤ የጠላቸው ጣቢያ ይቀይራል። ሁለቱም ፈረዱ እንጂ አልመረመሩም። የእኔ ክርክር የሚከተለው ነው፦ የተሻረ መሪ በካሜራ ፊት የሚናገረው ቃል ገና ያልተጠየቀ ቃል ነው። ወደ ምስክርነት የሚያድገው ባላጋራ ሲጠይቀው፣ ሰነድ ሲያመሳክረው፣ ያልተቆረጠው ቅጂም ለሕዝብ ሲከፈት ነው። ይህ ለእኛ እንግዳ አስተሳሰብ አይደለም። በአገራችን ጥንታዊ የበልሃ ልበልሃ ሙግት፣ ተናጋሪው የቱንም ያህል አንደበተ ርቱዕ ቢሆን፣ ባላጋራው "ተጠየቅ" ብሎ ፊት ለፊቱ የመቆም መብት ነበረው። ካሜራው ይህን መብት ለተመልካቹ አልሰጠውም፤ ስለዚህ ከስቱዲዮው ውጪ ልንፈልገው ይገባል። ማስረጃዬን ከምንኖርበት አገርና ከትውልድ አገራችን አመጣለሁ። ዓመተ ምሕረት ያልኩባቸው ዓመታት የእኛ አቆጣጠር ናቸው፤ የቀሩት የአውሮፓ ናቸው።

ከቅርቡ እንጀምር። ሩድ ሉበርስ በ1939 ሮተርዳም ተወለዱ። ከ1982 እስከ 1994 የኔዘርላንድ ጠቅላይ ሚኒስትር ነበሩ። በስደት ዓለም ያለፈ ሰው ደግሞ ከ2001 እስከ 2005 የተባበሩት መንግሥታት የስደተኞች ከፍተኛ ኮሚሽነር ሆነው ያውቃቸዋል። በሰኔ 2013፣ ሥልጣን ከለቀቁ ወደ ሃያ ዓመት ገደማ ሲሆናቸው፣ በናሽናል ጂኦግራፊክ ዘጋቢ ፊልም ላይ ቀርበው በፎልከል የአየር ኃይል ሰፈር የአሜሪካ የኑክሌር ቦምቦች አሁንም እንዳሉ ተናገሩ። የቦምቦቹ ቁጥር 22 መሆኑ፣ የተቀመጡትም ከመሬት በታች በተሠሩ ጽኑ መጋዘኖች መሆኑ ተዘገበ። ሉበርስ ነገሩን በማውጣት ብቻ አላበቁም፤ እነዚያ መሣሪያዎች እስከ 2013 ድረስ ይቆያሉ ብለው እንዳላሰቡ፣ ወታደራዊ ትርጉምም እንደሌላቸው ገለጹ። ብዙም ሳይቆይ ከእሳቸው በፊት ጠቅላይ ሚኒስትር የነበሩት ድሪስ ፋን አኽት ነገሩን አረጋገጡ። መንግሥት ግን ለአሥርት ዓመታት ሲለው የኖረውን ደገመ፤ አላመነም፣ አልካደም።

ሉበርስ ምን ጨመሩልን? አዲስ ወሬ አልጨመሩም። ቦምቦቹ መኖራቸውን የሰላም ተሟጋቾችና የጦር መሣሪያ ተመራማሪዎች ለዓመታት ሲናገሩት ኖረዋል፤ በ2010 ይፋ የወጡ የአሜሪካ ዲፕሎማቶች መልእክቶችም ወደዚያው ያመለክቱ ነበር። የጨመሩት ነገር የምንጩ ዓይነት ነው። ከውጭ ሆነው የሚገምቱ ሰዎች ሲሉት የኖሩትን፣ ከውስጥ ሆኖ የወሰነ ሰው አጸናው። ሁለተኛ የቀድሞ ጠቅላይ ሚኒስትር ሲደግመው ደግሞ የአንድ ሰው ቃል መሆኑ ቀረ። እዚህ ላይ ፊልሙ ለብቻው የቆመ ማስረጃ አልነበረም፤ ቀድሞ በተዘረጋ የማስረጃ ሰንሰለት ውስጥ የገባ አንድ ቀለበት ነበር። ይህን ልብ በሉ፤ የተሻረ መሪ ቃል ዋጋ የሚያገኘው ከሌሎች ማስረጃዎች ጋር ሲጋጠም ነው።

የመጀመሪያው ተቃውሞ እዚህ ላይ ይነሣል። ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል ይባላል፤ የእነዚህ ሰዎች ነገርስ ሲሾሙ ያልተናገሩትን ሲሻሩ መናገር አይደለምን? ጥያቄው ከባድ ነው፤ በሉበርስ ላይ ሲነሣ ደግሞ ይበልጥ ይከብዳል። በጥቅምት 1983 እዚሁ ዘ ሄግ ውስጥ 550,000 ያህል ሰው የኑክሌር ሚሳይል አይተከልብን ብሎ ተሰልፏል። በጥቅምት 1985 ደግሞ ከሦስት ሚሊዮን ተኩል በላይ ፊርማ ያለበት አቤቱታ ለጠቅላይ ሚኒስትሩ ቀርቧል። ሉበርስ አቤቱታውን ሊቀበሉ በዚሁ ከተማ ወዳለው የሃውትሩስት አዳራሽ ሲመጡ ከተሰብሳቢው ብዙው ጀርባውን አዞረባቸው። ከቀናት በኋላ ካቢኔያቸው 48 ሚሳይሎች እንዲተከሉ ወሰነ፤ ሳይተከሉ የቀሩት ዋሽንግተንና ሞስኮ በ1987 ስለተስማሙ ነው። እነዚያ ሚሳይሎችና የፎልከል ቦምቦች አንድ አይደሉም። ሕዝቡ ግን የጠየቀው ጥያቄ አንድ ነበር፤ በምድራችን ላይ ምን አስቀምጣችኋል? መልሱን የሚያውቀው ሰው በ1985 ዝም ብሎ በ2013 ሲናገር፣ ቃሉ ለመራጩ የሚጠቅምበት ጊዜ አልፏል።

ተቃውሞውን እቀበላለሁ፤ መደምደሚያውን ግን አልቀበልም። ዘግይቶ የመጣ ቃል የተናጋሪውን ክብር ሊቀንስ ይችላል፤ የቃሉን እውነትነት ግን አይቀንስም። እንዲያውም አንድ መመዘኛ ይሰጠናል። ሉበርስ ስለ ፎልከል የተናገሩት የራሳቸውን የትናንት ዝምታ የሚያጋልጥ ነው። ሰው በራሱ ላይ የሚመሰክረው ቃል፣ ለራሱ ከሚመሰክረው ይልቅ ሊታመን ይገባዋል፤ ዳኛም፣ የታሪክ ጸሐፊም፣ የመንደር ሽማግሌም በዚህ ይስማማሉ። ከዚህ በኋላ በማነሣቸው መሪዎች ሁሉ ላይ ይህን መመዘኛ እንሞክረዋለን፤ ይህ ቃል ተናጋሪውን ይጠቅማል ወይስ ይጎዳል?

ሌላው ተቃውሞ የመንግሥት ምስጢር ነው። መሐላ የፈጸመ ሰው ከሥልጣን ስለወረደ ከመሐላው አይወርድም የሚሉ አሉ። እውነት ነው፤ በሕይወት ያሉ ሰዎችን ለአደጋ የሚያጋልጥ ምስጢር በካሜራ ፊት ሊዘረገፍ አይገባም። ፎልከል ግን የውጭ የስለላ ድርጅት ሁሉ የሚገምተውን ነገር ከገዛ አገሩ መራጭ መደበቅ ነበር። ከዚህ ይልቅ የሚያሳስበኝ ሌላ ነው። የተሻረ መሪ የትኛውን ምስጢር እንደሚያወጣና የትኛውን እንደሚያስቀር የሚመርጠው ራሱ ነው፤ ይህ ምርጫ ከወንበሩ የተረፈው የመጨረሻ ሥልጣን ነው። ይህን ሥልጣን የሚገድበው ሕግ የአፍ መዝጊያ ሕግ አይደለም። በጊዜው የሚከፈት የመንግሥት መዝገብ ነው። መዝገቡ ከተከፈተ መሪው የመረጠውን ቢናገር፣ ያልመረጠውን ደግሞ ወረቀቱ ይናገርለታል።

መዝገብ ሲጠፋ ምን እንደሚሆን ለማየት ወደ አምስተርዳም እንሂድ። በ1972 አብዱል ቃዲር ካን የተባለ ፓኪስታናዊ መሐንዲስ በአምስተርዳም አንድ የምርምር ላቦራቶሪ ተቀጠረ። ላቦራቶሪው አልሜሎ ላይ ዩራኒየም ለሚያበለጽገው ለዩሬንኮ ኩባንያ ይሠራ ነበር። ካን በ1975 መጨረሻ ወደ አገሩ ተመለሰ፤ ይዞት የሄደው እውቀት ለፓኪስታን የኑክሌር ፕሮግራም መሠረት ሆነ፤ አገሪቱም በግንቦት 1998 ቦምቧን ሞከረች። የአምስተርዳም ፍርድ ቤት በ1983 በሌለበት የአራት ዓመት እስራት ፈረደበት፤ መጥሪያው በወጉ ስላልደረሰው ግን ፍርዱ በ1985 ተሻረ። ከዚያ በነሐሴ 2005 ሉበርስ አርጎስ በተባለው የኔዘርላንድ የሬዲዮ ፕሮግራም ቀርበው ከባድ ነገር ተናገሩ። እሳቸው የኢኮኖሚ ሚኒስትር በነበሩበት በ1975፣ ኋላም ጠቅላይ ሚኒስትር ሳሉ በ1986፣ ካን እንዳይያዝ የጠየቀው የአሜሪካ የስለላ ድርጅት ሲአይኤ ነው አሉ። ምክንያታቸውም፣ እንደ ሉበርስ አባባል፣ ሰውየውን እየተከታተሉ ሥራውን ለማወቅ ነበር። ወሬው ከሬዲዮ አልፎ በዓለም መገናኛ ብዙኃን ተዛመተ። በዚያው ዓመት፣ ካን ላይ ፈርደው የነበሩት ዳኛ የክሱ መዝገብ ከፍርድ ቤቱ እንደጠፋ ተናገሩ፤ በመጥፋቱም የሲአይኤ እጅ እንዳለበት ጠርጥረው እንደነበር አልሸሸጉም።

መመዘኛችንን እናምጣ። ስለ ፎልከል የተናገሩት ራሳቸውን ይነካ ነበር፤ ስለ ካን የተናገሩት ግን ጥፋቱን ከዘ ሄግ አንሥቶ ወደ ዋሽንግተን ይወስዳል። ተናጋሪው አንድ ሰው ነው፤ የተናገረውም በዕድሜው ማምሻ፣ በነጻነት ነው። የሁለቱ ቃሎች ሚዛን ግን አንድ ሊሆን አይችልም። ሁለተኛው ውሸት ነው ማለቴ አይደለም፤ ያሉት ሁሉ ተፈጽሞ ሊሆን ይችላል። የሚያጸናው ወረቀት ከጠፋ ግን የአንድ ሚኒስትር ትዝታ ሆኖ ይቀራል፤ ይህንንም ስም ሰጥተን፣ ትዝታ ብለን ማስቀመጥ አለብን። ተመልካች የሚሳሳተው ሰውን በጅምላ ሲያምን ወይም በጅምላ ሲክድ ነው። መታመንም መጠርጠርም ያለበት እያንዳንዱ ዓረፍተ ነገር ነው።

አሁን ቃሉ በእርግጥ መስቀለኛ ጥያቄ ወደቀረበለት ቦታ እንምጣ፤ ከዚህ ሩቅ አይደለም። የሰርቢያውን ስሎቦዳን ሚሎሶቪችን መሪ ያደረጋቸው በከፊል ቴሌቪዥን ነው። በሚያዝያ 1987 ኮሶቮ ፖልየ ላይ ለተቆጡ ሰርቦች ማንም ሊመታችሁ አይገባም ሲሉ የሚያሳየው ምስል በቤልግሬድ ቴሌቪዥን ደጋግሞ ታየ፤ ብዙም የማይታወቁት የፓርቲ ሰው በአንድ ጊዜ የሕዝብ አለኝታ ሆነው ብቅ አሉ። በ1995 ቢቢሲ የዩጎዝላቪያን መፍረስ የሚተርክ ተከታታይ ዘጋቢ ፊልም ሲያሳይ ሚሎሶቪችም ተቀናቃኞቻቸውም በየተራ ቀርበው ቃላቸውን ሰጡ። ከእነሱ አንዱ በ1990 እና በ1991 የዩጎዝላቪያን የጋራ ፕሬዚዳንትነት የመሩት ቦሪሳቭ ዮቪች ነበሩ። እሳቸው፣ የቦስኒያ ነጻነት ዕውቅና ከማግኘቱ በፊት፣ በቦስኒያ የተወለዱ ሰርብ ወታደሮች አስቀድመው ወደዚያ እንዲዛወሩ ከሚሎሶቪች ጋር እንዴት እንደመከሩ በካሜራ ፊት ተናገሩ። በመመዘኛችን ሲታይ ይህ ተናጋሪውን ራሱን የሚጎዳ ቃል ነው።

የፊልሙ ቃል ግን በፊልም አልቀረም። ሚሎሶቪች በሰኔ 2001 ተላልፈው ወደ ዘ ሄግ መጡ፤ የፍርድ ሂደታቸው በየካቲት 2002 ተጀመረ። ዮቪችም በ2003 በአካል ቀርበው መሰከሩ፤ ጠበቃ አልፈልግም ያሉት ሚሎሶቪች ራሳቸው በመስቀለኛ ጥያቄ ፈተኗቸው። የቢቢሲ ፊልም ለችሎቱ ማስረጃ ሆኖ ሲቀርብ ደግሞ ዳኛ ቦኖሚ ከሐተታው ብዙው አዘንባይ መሆኑን ተናገሩ። ይህ አስተያየት ለእኛ ትልቅ ትምህርት ይዟል። ዘጋቢ ፊልም ሁለት ድምፅ አለው፤ አንዱ በቦታው የነበረ ሰው ድምፅ ነው፣ ሌላው በኋላ ስቱዲዮ ገብቶ ትርጉም የሚሰጥ ተራኪ ድምፅ ነው። ቤታችን ሆነን ስናይ ሁለቱ በአንድ ሙዚቃ ተጠቅልለው አንድ ሆነው ይገቡናል። ችሎቱ ግን ነጣጥሎ ይመዝናቸዋል። ይህን መነጣጠል ለመማር ዳኛ መሆን አያስፈልግም።

ችሎትም ቢሆን መድረክ ነው የሚል ተቃውሞ እንደሚመጣ አውቃለሁ። ትክክል ነው። ሚሎሶቪች የተከሳሹን ሳጥን የምርጫ ዘመቻ አደረጉት፤ ችሎቱ በቴሌቪዥን ይተላለፍ ስለነበር ንግግራቸውን ለዳኞቹ ሳይሆን ለቤልግሬድ ሳሎኖች ያደርጉት ነበር፤ በታኅሣሥ 2003 እዚሁ ታስረው ሳሉ ለሰርቢያ ምክር ቤት ተመረጡ። በመጨረሻም በመጋቢት 2006፣ ፍርዱ ሳይሰጥ፣ ስኼቬኒንገን እስር ቤት ሞቱ። ታዲያ አራት ዓመት ሙሉ የተደከመው ለምን ነበር? መልሴ ይህ ነው፤ ከዚያ ችሎት የተረፈው የተመልካች ስሜት ብቻ አይደለም። ቃል በቃል የተመዘገበ፣ ጥያቄና መልሱ ጎን ለጎን የተቀመጠ፣ ማንም ገልጦ ሊያነበው የሚችል መዝገብ ተርፏል። በሰኔ 2005 በዚያው ችሎት የታየው ቪዲዮ፣ ከስሬብሬኒጻ የተወሰዱ ስድስት ሙስሊሞች በጥይት ሲገደሉ የሚያሳየው፣ በሰርቢያ ቴሌቪዥን ሲተላለፍ ለዓመታት የቆየውን የግድያውን ክህደት አናጋ፤ ያ ማስረጃ ግን ከመሪ አንደበት የወጣ አልነበረም። ፍርድ ባይኖርም መዝገብ አለ። ንግግር ብቻ በቀረበት ቦታ ግን ፍርድም መዝገብም የለም።

አሁን ወደ አገራችን እንመለስ። የእኛ ታሪክ የሚጀምረው ካልተናገረ መሪ ነው። እንግሊዛዊው ጋዜጠኛ ጆናታን ዲምብልቢ የወሎን ረሃብ ቀርጾ በጥቅምት 1973 በአገሩ ቴሌቪዥን አሳየ። ያ ፊልም ዓለምን አስደንግጦ እርዳታ አስገኘ። ደርግ ደግሞ ከዓመት ገደማ በኋላ፣ መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም.፣ ንጉሠ ነገሥቱ ከመውረዳቸው በፊት በነበረው ምሽት፣ የረሃቡን ምስሎች ከቤተ መንግሥት ድግስና ከቤተ መንግሥት ውሾች ምስሎች ጋር ቀላቅሎ በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን አስተላለፈው። ንጉሠ ነገሥቱም እንዲያዩት ተደርጎ ነበር ይባላል። በማግስቱ፣ መስከረም 2፣ ከዙፋናቸው ወረዱ። በዚያ ፊልም ውስጥ አፄ ኃይለ ሥላሴ ይታያሉ እንጂ አይናገሩም። ብዙ ኢትዮጵያዊ ስለ እሳቸው የመጨረሻ ዘመን ያለው ግንዛቤ እስከ ዛሬ የተቀረጸው በዚያ ምሽት ቅንብር ነው።

ረሃቡ እኮ እውነት ነበር፣ ድግሱም እውነት ነበር፣ ታዲያ ምኑ ላይ ነው ውሸቱ የሚል ይኖራል። እያንዳንዱ ምስል እውነት ነበር። መንግሥት ረሃቡን መደበቁም የማይካድ ጥፋት ነው። ነገር ግን ሁለት እውነተኛ ምስሎች ሲቀጣጠሉ፣ ሁለቱም ለየብቻቸው የማያረጋግጡትን ሦስተኛ ክስ ይወልዳሉ፤ ይኸውም ሰውየው ይህን እያየ ያንን ይበላ ነበር የሚል ነው። ክሱ ትክክል ሊሆን ይችላል፤ ግን መጠየቅ፣ መመስከር፣ መመርመር ነበረበት። ለዚህም የተዘጋጀ ቦታ ነበር። በ1966 ዓ.ም. የተቋቋመው መርማሪ ኮሚሽን የወሎን ረሃብ ጨምሮ የባለሥልጣናቱን ተጠያቂነት እየመረመረ ነበር፤ የቀድሞው ጠቅላይ ሚኒስትር አክሊሉ ሀብተ ወልድም እስር ቤት ሆነው ማስታወሻቸውን የጻፉት ለዚሁ ኮሚሽን ነው። ኅዳር 14 ቀን 1967 ዓ.ም. ደርግ አክሊሉንና ሌላውን የቀድሞ ጠቅላይ ሚኒስትር እንዳልካቸው መኰንንን ጨምሮ ወደ 60 የሚሆኑ ሰዎችን ያለ ፍርድ ረሸነ። ሁለት የቀድሞ የመንግሥት መሪዎች መልስ ሰጥተው ሳይጨርሱ፣ ጥያቄው ራሱ አብሯቸው ተቀበረ። ፊልሙ የምርመራውን ቦታ ወሰደ፤ ጥይቱ ደግሞ ምርመራውን ዘጋ። የፊልሙ መሣሪያም በሠሪው ላይ ተመለሰ። በ1984 መስከረም ደርግ አሥረኛ ዓመቱን በታላቅ ድግስ አከበረ፤ በጥቅምት ወር ከኮረም የተላከው የመሐመድ አሚንና የማይክል በርክ ዘገባ ዓለምን አስለቀሰ። ድግስና ረሃብ እንደገና ጎን ለጎን ቆሙ፤ በዚህ ጊዜ የተከሰሱት ኮሎኔል መንግሥቱ ኃይለ ማርያም ነበሩ።

ኮሎኔል መንግሥቱ ግንቦት 13 ቀን 1983 ዓ.ም. ወደ ዚምባብዌ ከሸሹ ወዲህ አልፎ አልፎ ድምፃቸው ይሰማል። ገነት አየለ ያጠናቀረችው የቃለ መጠይቅ መጽሐፍ በ1994 ዓ.ም. ወጣ፤ የራሳቸው "ትግላችን" ከአሥር ዓመት በኋላ ተከተለ። እነዚህ ጽሑፎች የሚናቁ አይደሉም፤ የደርግን ውስጣዊ ሽኩቻ ለሚያጠና ሰው ብዙ ፍንጭ ይሰጣሉ። ሆኖም በደም ጉዳይ ላይ የሚሉት ሁሉ ተናጋሪውን የሚጠቅም ነው። የንጉሠ ነገሥቱን ሞት ውሰዱ። ደርግ በነሐሴ 1967 ዓ.ም. ያወጣው መግለጫ ሞቱን በሕመም አሳበበ፤ ከ1991 በኋላ የቀረበው ክስ ግን ግድያ ነው አለ። የኢትዮጵያ ፍርድ ቤት በታኅሣሥ 2006 ኮሎኔሉን በሌሉበት በዘር ማጥፋት ወንጀል ጥፋተኛ ሲላቸው፣ ሐራሬ ላሉት ለእሳቸው አንድ ጥያቄ እንኳ ሊቀርብላቸው አልቻለም። ቃላቸው አለን፤ መስቀለኛ ጥያቄያቸው የለንም። ስለዚህ በመመዘኛችን መሠረት፣ እሳቸው ስለራሳቸው የሚሉት ከሁሉ ያነሰ ሚዛን ያለው ነው።

ያን መስቀለኛ ጥያቄ በከፊል ያየነው እዚሁ ከተማ ነው። በ1970ዎቹ በጎጃም የደርግ ተወካይ የነበረው እሸቱ ዓለሙ ከ1990 ጀምሮ ኔዘርላንድ ሲኖር ቆይቶ በ2015 ተያዘ። የዘ ሄግ ፍርድ ቤት በታኅሣሥ 2017 በጦር ወንጀል የዕድሜ ልክ እስራት ፈረደበት፤ የይግባኙ ችሎትም በሰኔ 2022 ፍርዱን አጸና። ከተፈረደበት ወንጀል አንዱ ደብረ ማርቆስ ላይ የታሰሩ 75 ወጣቶች መገደላቸው ነው። ይህ ሰው የአገር መሪ አልነበረም፤ ነገር ግን ያ ሥርዓት በሰነድና በፊርማ ምን ትእዛዝ ይሰጥ እንደነበር፣ የተረፉ ሰዎች ፊት ለፊት ቆመው ሲናገሩ፣ ተከሳሹም ሲክድና ሲጠየቅ የተሰማበት ችሎት ነው። ለእናንተ በቀይ ሽብር ዘመድ ላጣችሁ፣ ከአሥር የቴሌቪዥን ቃለ መጠይቅ ይልቅ ያ መዝገብ ብዙ ይናገራል።

ነገር ግን የተሻረ መሪ ሁሉ ወንጀለኛ አይደለም፤ ችሎትም ለሁሉም ቦታው አይደለም። የእኛ አገር ችግር በሰላም የወረዱና በአገራቸው የኖሩ መሪዎች በጣም ጥቂት መሆናቸው ነው። ዶክተር ነጋሶ ጊዳዳ ከፕሬዚዳንትነት በወረዱበት በ2001 የቀድሞ ፕሬዚዳንት ከፓርቲ ፖለቲካ እንዲርቅ የሚያስገድድ ሕግ ወጣ። በ1997 ዓ.ም. ምርጫ በግል ተወዳድረው ምክር ቤት ሲገቡ ለቀድሞ ፕሬዚዳንት የሚሰጠውን ጥቅማ ጥቅም አጡ። መንግሥት ለዝምታ ዋጋ ከፈለ፤ ለንግግር ቀጣ። ነጋሶ ግን በመጽሐፍም በቃለ መጠይቅም ተናገሩ፤ ብዙውም የራሳቸውን ፊርማና ድርሻ የሚነካ ነበር። የቀድሞው ጠቅላይ ሚኒስትር ታምራት ላይኔ ከእስር ከተፈቱበት ከ2008 ወዲህ ስለ እምነታቸው በአደባባይ ይመሰክራሉ። ስለ ነፍሳቸው የሚሉት የግላቸው ነው፤ ስለ ሽግግሩ ዘመን የመንግሥት ውሳኔዎች የሚያውቁት ግን የሕዝብ ነው፤ ቃለ መጠይቅ አድራጊ ሁሉ ሁለቱን ለይቶ መጠየቅ ይገባዋል። አቶ ኃይለ ማርያም ደሳለኝ የካቲት 8 ቀን 2010 ዓ.ም. መልቀቂያቸውን አስገብተው፣ በራሳቸው ጥያቄ ሥልጣን ለቀው በአገራቸው በሕይወት የሚኖሩ መሪ መሆናቸው በራሱ ታሪክ ነው። እሳቸው በስክሪን ላይ ሲቀርቡ ተመልካቹ መጠበቅ ያለበት ጭውውት ብቻ አይደለም፤ የምርመራ ጥያቄ ጭምር ነው።

የመጨረሻው ተቃውሞ እዚህ ይነሣል። ይህን ያህል ከመረመርናቸው ማንም አይናገርም፤ ዝም ብለው ወደ መቃብር ከሚወርዱ ለዘብ ያለ ጥያቄ ቀርቦላቸው ቢናገሩ አይሻልም? እኔ የምለው የተለየ ነው። ለስለስ ብሎ መጠየቅ ይቻላል፤ ግን ሙሉው ቅጂ ይቀመጥ። ስቱዲዮው የሚያሳየን አርባ ደቂቃ ሊሆን ይችላል፤ ያልታየው ሰዓታት ሆኖ ተቆልፎ መቅረት የለበትም። ሂልፈርሱም ያለው የድምፅና የምስል ተቋም የዚህን አገር የስርጭት ታሪክ እንደሚጠብቀው ሁሉ፣ የእኛ ጣቢያዎችም፣ አገር ውስጥ ያሉትም በስደት የተቋቋሙትም፣ የመሪዎችን ቃለ መጠይቅ ሳይቆረጥ ማስቀመጥና ከተወሰነ ዓመት በኋላ መክፈት ይችላሉ። መሪው ዛሬ ባይጠየቅ እንኳ የልጅ ልጆቻችን የዛሬውን ቃል ከነገው ሰነድ ጋር ያመሳክሩታል። ዘግይቶ የሚመጣ ጥያቄ ጭራሽ ከማይመጣው ይሻላል።

እናንተ በእነዚህ ሦስት ከተሞች የምትኖሩ ኢትዮጵያውያን ሥራው የሌላ ሰው ነው እንዳትሉ። በአምስተርዳምና በሮተርዳም የፊልም ፌስቲቫሎች ፊልም ካለቀ በኋላ አዘጋጁ መድረክ ላይ ወጥቶ ለተመልካች መልስ መስጠቱ የተለመደ ነው፤ በእኛ የማኅበረሰብ አዳራሾችም ስለ ቀድሞ መሪዎች የሚታይ ፊልም ሁሉ ይህን ልማድ ይያዝ። የዘ ሄግ ችሎቶች መዝገብ ከብዙዎቻችን ቤት በባቡር ከአንድ ሰዓት በማይበልጥ ርቀት ላይ ይገኛል፤ ደችና እንግሊዝኛ የምታነቡ ልጆች ወደ አማርኛ መልሱት። በየቴሌቪዥኑ አንድ የቀድሞ መሪ ሲቀርብም ሦስት ነገር ጠይቁ፦ የሚለው ነገር እሱን ይጠቅማል ወይስ ይጎዳል? የሚያጸናው ወረቀት ወይም ሌላ ምስክር አለ? የተቆረጠውስ የት ነው? መሪን ወደ ሥልጣን ያወጣው ሕዝብም ሆነ ያለ ምርጫው የተጫነበት ሕዝብ፣ ከወረደ በኋላ የመጠየቅ መብቱን ሊያጣ አይገባም። ሲሾም ልንጠይቀው ያልቻልነውን ሲሻር እንጠይቀው፤ መልሱን ግን እስኪረጋገጥ ድረስ ትዝታ እንጂ ታሪክ ብለን አንጥራው።